አሮጌው ቀድሞ እንዳይነሳ

አንዲት እናት ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ወንበር ጫፍ ላይ ተቀምጣ አንድ አሮጌ ስልክ በሁለት እጇ ይዛለች። የስልኩ ጥግ ተሸርፏል። የጀርባው ክዳን አልይዝ ስላለ በላስቲክ ታስሯል። ዓይኗ ከስልኩ አይነቀልም። ምን እየጠበቀች ይመስላችኋል? ጥሪ ነው? አይደለም። መልእክት ነው? እሱም አይደለም። ክፉ ነገር ነው የምትጠብቀው። ከጠዋት ጀምሮ እሱን ስትጠብቅ ውላለች። እንዲያውም ከወለደች ጀምሮ የምትጠብቀው እሱን ነው።

እንደዚህ ያለች እናት አታውቁም? ልጅ ትንሽ ሲዘገይ መኪና ገጭቶታል የምትል፣ ማለዳ በር ሲንኳኳ መርዶ ነው ብላ ነጠላዋን የምታዘቀዝቅ፣ ሁሉ ሰላም ሲሆን ደግሞ «ምን ሊመጣ ነው እንዲህ ጸጥ ያለው?» የምትል። ታውቋታላችሁ። አንዳንዶቻችሁ አጠገብ ተቀምጣለች። አንዳንዶቻችሁ ደግሞ ራሳችሁ ናችሁ።

የዚህች እናት ስም አስካለ ይባላል። ረድኤት የምትባል አንዲት ልጅ አለቻት። ረድኤት ትንሽ ልጅ ሳለች ማጅራት ገትር ይዟት ከሞት አፋፍ ተመልሳለች፤ ጆሮዋ ግን አልተመለሰም። ስለዚህ እናትና ልጅ የሚነጋገሩት በእጅ፣ በምልክት ቋንቋ ነው። አሁን ረድኤት አድጋ አዳማ አንድ ልብስ ስፌት ቤት ተቀጥራለች። እናቷ ያለችው ወሊሶ ነው። የሚያገናኛቸው ያ አሮጌ ስልክ ነው። ማታ ከሥራ ስትወጣ በቪዲዮ ይደዋወላሉ። አስካለ ሁለቱም እጇ ነጻ እንዲሆን ስልኩን ከስኳር ጣሳው ጋር አስደግፋ ታቆመዋለች፤ ከዚያ ያወራሉ። ከውጭ የሚያያቸው ሰው ቤቱ ጸጥ ያለ ይመስለዋል። እነሱ ግን ይጨቃጨቃሉ፣ ይሳሳቃሉ፣ ሰው ያማሉ።

ባለፈው ማክሰኞ ታዲያ የቪዲዮው አፕ አልከፈት አለ። የሚወጣው አንድ ጽሑፍ ብቻ ነው፤ የዚህ ስልክ ሶፍትዌር አርጅቷል፣ ከእንግዲህ አይሠራበትም የሚል።

«በጽሑፍ አይነጋገሩም ወይ?» ትሉ ይሆናል። ይጻጻፋሉ። ረድኤት «ደህና ነኝ እማ» ብላ ትጽፋለች። ግን «ደህና ነኝ» ምን ይነግራል? ያመመውም ሰው ይጽፈዋል፤ ያለቀሰም ሰው ይጽፈዋል። አስካለ የልጇን እጅ ስታይ ነው የሚገባት። ሲደክማት ምልክቶቿ ያጥራሉ። ስትዋሽ እጇ ይፈጥናል። ጽሑፍ ግን እጅ የለው፣ ፊት የለው። በዚያም ላይ ከረቡዕ ወዲህ መልእክቱ ራሱ እያጠረ መጣ። መጀመሪያ «ደህና ነኝ እማ፣ ሥራ በዝቶ ነው» ነበር። ከዚያ «ደህና ነኝ» ሆነ። ዓርብ ዕለት «ደህና» ብቻ።

አስካለ ያን «ደህና» ይዛ እንቅልፍ አጥታ አደረች። አንድ ነገር ሆናለች አለች። የልጇን እጅ ማየት አለባት። አዲስ ስልክ ለመግዛት ደግሞ አቅም የለም።

አምሳሉ የሚባል ታናሽ ወንድም አላት፤ የሚተዳደረው ዲሽ በመግጠም ነው። ቅዳሜ ላፕቶፑን በፌስታል ይዞ መጣ።

«ስልኩ አልሞተም እቴቴ። ሶፍትዌሩ ነው ያረጀው። አዲስ አንድሮይድ እንጭንበታለን» አላት።

«አንተ የዲሽ ሰው ነህ።»

«ጣሪያ ላይ ቆሞ ሰማይ የሚፈልግ ሰው ስልክ አያቅተውም።»

ነገሩ እንዲህ ነው። አዲሱን አንድሮይድ ለመጫን መጀመሪያ ሪከቨሪ የሚሉትን መቀየር ያስፈልጋል። ሪከቨሪ ስልኩ ውስጥ ከዋናው ሶፍትዌር ተለይታ የተቀመጠች ትንሽ ክፍል ናት። ስልኩ ሲታመም የሚታከምባት ክፍል በሏት። ፋብሪካው የራሱን ሪከቨሪ አስቀምጧል፤ እሱ ግን ከፋብሪካው የመጣ ካልሆነ ምንም ነገር አያስገባም። አዲስ ነገር ይዛችሁ ብትመጡ በሩን ይዘጋባችኋል። ስለዚህ አስቀድሞ እሱን አውጥቶ በቦታው ሌላ መተካት ግድ ነው።

«ያለኝ ፎቶና ቪዲዮ ሁሉ ቢጠፋስ?» አለች አስካለ። በስልኩ ውስጥ ረድኤት አለች፤ ትምህርት ስትጨርስ ጋዋን ለብሳ፣ በዓል ላይ ስትጨፍር፣ እናቷን በምልክት ስትሳደብና ስትስቅ።

«ላፕቶፑ ላይ ገልብጬዋለሁ።»

«ላፕቶፑ ቢበላሽስ?»

«ሜሞሪ ካርድ ላይም አድርጌዋለሁ።»

«ካርዱ ቢጠፋስ?»

«እኔስ ብሞት? እሱን ረስተሽው ነው።»

«በአፍህ አታምጣው» አለችና ወንበሯን ወደ ላፕቶፑ አስጠጋች።

አምሳሉ ስልኩን በኬብል ከላፕቶፑ ጋር አገናኘው። ጥቂት ቆየና ላፕቶፑ ላይ በአረንጓዴ «ፓስ» የሚል ጽሑፍ መጣ። ሪከቨሪው ገባ ማለት ነው።

«አለቀ፤ አሁን ወደ አዲሱ እንገባለን» አለ።

«ቆይ» አለች አስካለ። «አንዴ ይብራና ልየው። ልጄ መኖሯን ልይ።»

«ገልብጬዋለሁ አልኩሽ እኮ።»

«ላፕቶፕህ ላይ መኖሯን ሰምቻለሁ። ስልኬ ላይ መኖሯን ልይ።»

ምን ያድርግ? ታላቅ እህቱ ናት። ተወው። ስልኩ እንደ ወትሮው በራ። ከፈተች፣ አየች። ረድኤት በጋዋኗ አለች። አስካለ «ተመስገን» አለች። አምሳሉ ስልኩን አጠፋና የስልኩን ሦስት ቁልፎች አንድ ላይ ተጭኖ ወደ አዲሱ ሪከቨሪ ሊገባ ሞከረ። የመጣው አዲሱ አልነበረም። ያው የፋብሪካው ጥቁር ገጽ ነው፤ ምንም እንዳልተነካ።

«ገብቶ ነበር እኮ! ራስሽ አይተሻል» አለ።

«እኔ አረንጓዴ ነው ያየሁት። ሌላ ምን አውቃለሁ?»

ኬብሉ ነው አለ። ከጎረቤት ሌላ ኬብል ተዋሰ። እንደገና ጫነ። «ፓስ» አለ። አስካለ «አንዴ ልየው» አለች። ስልኩ በራ፣ አየች፣ አመሰገነች። ጠፋ፣ ቁልፉ ተጫነ፣ ያው ጥቁር ገጽ መጣ። ያወረድኩት ፋይል ነው የተበላሸው አለ። በቀረው የኢንተርኔት ጥቅል መልሶ አወረደ። ጫነ። «ፓስ» አለ። «አንዴ ብቻ» አለች። በራ። አየች። ጠፋ። ያው ነው።

አምሳሉ ተነሥቶ መስኮቱ ጋ ቆመና አንገቱን አሸት አሸት አደረገ። «ይሄ ስልክ አንቺን ነው የመሰለው፤ የሰጡትን አይቀበልም» አላት። ለአስካለ ነገሩ ሁሉ ያበቃ መስሏታል። ስልኩ እየሞተ ነው፤ ልጇም አዳማ ምን እንደሆነች ሳታይ ልትቀር ነው። ይህ ሁሉ እንደሚሆን ያወቀች ይመስል አልደነገጠችም። ደክሟት ብቻ ተቀመጠች።

አምሳሉ መናኸሪያው አጠገብ ስልክ የሚጠግን ጀማል የሚባል ጓደኛ አለው። ደወለለት፤ እህቱም እንድትሰማ ድምፁን ከፈተው።

«ጀማል፣ አንድ ነገር አስቸግሮኝ ነው።»

«ዲሽ ነው?»

«ስልክ ነው። ሪከቨሪ ጭኜ አልቀመጥ አለኝ።»

«ፓስ ይላል?»

«ይላል።»

«ከዚያ ምን ታደርጋለህ?»

«አበራዋለሁ።»

«ለምን ታበራዋለህ?»

አምሳሉ እህቱን አያት። «ፎቶዎቹ መኖራቸውን ልናይ ብለን።»

ጀማል ሳቀ። «አንተ ሰውዬ፣ አሮጌው ሶፍትዌር ሲነሳ ቤቱን ይፈትሻል እኮ። የማያውቀው ሪከቨሪ ካገኘ ተበላሽቷል ብሎ ያጠፋዋል፤ የራሱን መልሶ ያስቀምጣል። ስንት ጊዜ ጫንከው?»

«ሦስት ጊዜ።»

«እሱም ሦስት ጊዜ አጥፍቶልሃል።»

«ምን ላድርግ ታዲያ?»

«ከጫንክ በኋላ በራሱ እንዳይነሳ አድርገው። ፓስ ሲልህ ባትሪውን ንቀል። መልሰህ ስታስገባ ሦስቱን ቁልፍ ይዘህ ቀጥታ ወደ አዲሱ ግባ። አሮጌው ቀድሞ እንዳይነሳ። አንዴ ወደ አዲሱ ከገባህ በኋላ አሮጌው እንዳይነካው አዲሱ ራሱ ያደርገዋል። ፎቶ ማየት የሚፈልገውን ሰው ደግሞ ገበያ ላከው።»

ወገኖቼ፣ እዚህ ላይ አንድ ጊዜ ቁሙልኝ። ሪከቨሪው ሳይገባ ቀርቶ ነበር? አልቀረም። በመጀመሪያው ሙከራ ገብቷል። በሁለተኛውም ገብቷል። በሦስተኛውም ገብቷል። ኬብሉ ጥፋት ነበረበት? የለበትም። ፋይሉስ? የለበትም። ለአስካለ የተሰጣት ነገር ሁሉ ሙሉ ነበር። እሷ ግን ወደ አዲሱ ከመግባቷ በፊት፣ አንዴ ብቻ፣ የድሮው እንደነበረ መሆኑን ልትፈትሽ ትመለሳለች። የድሮው ደግሞ ሲነሳ ዝም ብሎ አይነሳም።

አሮጌው ሶፍትዌር ክፉ ሆኖ ነው? አይደለም። የተሠራው እንዲጠብቅ ነው፤ የሚያውቀውን ይጠብቃል። የማያውቀው ነገር ሁሉ ለሱ ብልሽት ነው። መድኃኒቱን ከበሽታው አይለይም። የአስካለም ፍርሃት እንደዚያው ነው። ልጅ ሲታመምባት ነው የተማረችው፤ ሌሊቱን ቁጭ ብላ ትንፋሽ እየቆጠረች ነው የተማረችው። ማን ሊፈርድባት ይችላል?

ወደ ታሪኩ ልመልሳችሁ። አምሳሉ ለአራተኛ ጊዜ ጫነ። «ፓስ» ሲል የታሰረውን ላስቲክ ፈትቶ ባትሪውን ነቀለ። ስልኩ ጨለመ። ከዚያ ባትሪውን መልሶ ስልኩን ለእህቱ ሰጣት።

«ለምን ለኔ?» አለች።

«እኔ ከያዝኩት ‹አንዴ ብቻ› ትይኛለሽ፤ እኔም እሺ እላለሁ። ራሴን አውቀዋለሁ። አንቺ ያዢው።»

«እኔ አላውቅበትም።»

«ይሄንን፣ ይሄንን፣ ይሄንን አንድ ላይ ትጫኛለሽ። ሲነዝር ይሄንን ብቻ ትለቂያለሽ። ሌሎቹን እንዳትለቂ። ከለቀቅሻቸው አሮጌው ይነሳል።»

ተጫነች። ስልኩ ነዘረ። የማብሪያውን ለቀቀች። ከዚያ የፋብሪካው ስም መጣ፤ ሁልጊዜ ጠዋት የምታየው፣ የምታውቀው ስም። ብትለቅ የድሮው ስልኳ ይነሳል፤ ልጇንም በጋዋኗ ታያታለች።

«ልልቀቀው?»

«አትልቀቂ።»

«ብዙ ቆየ እኮ። ሞቷል።»

«እቴቴ፣ አትልቀቂ።»

አልለቀቀችም። ልቧ ግን አልተረጋጋም። አምና ነበር? እንጃ። ተስፋ ነበራት? ፊቷን ላየው ሰው አይመስልም። ጣቷ እየተንቀጠቀጠ ያዘች። ስልኩም የያዘው ጣት ደፋር ይሁን ፈሪ አልጠየቃትም። ስሙ ጠፋ፤ አይታው የማታውቀው ሰማያዊ ገጽ መጣ።

«ገባን» አለ አምሳሉ፤ ወንበሩ ላይም ወደቀ።

ከዚያ በኋላ ያለው ጊዜ መፍጀት ብቻ ነበር። አምሳሉ በአዲሱ ሪከቨሪ በኩል ስልኩ ውስጥ ያለውን ሁሉ ወደ ካርዱ ቀዳ፤ ከዚያ አዲሱን አንድሮይድ ጫነ። መጀመሪያ ሲነሳ እጅግ ዘገየ። አስካለ ሳሎኑ ውስጥ ወዲያ ወዲህ እየተመላለሰች «ሞተ አይደል?» እያለች ጠየቀችው፤ «እያሰበ ነው» እያለ መለሰላት። በመጨረሻ በራ። ፎቶዎቹም ከላፕቶፑ ተመለሱ። አፑም ተከፈተ።

ረድኤት ከተከራየችው ክፍል ሆና ወዲያው አነሣች። በምልክት እናቷን የምትጠራበት ስም አላት፤ እጇን ጉንጯ ላይ ታደርጋለች። እናቷ ሁልጊዜ ጉንጯን ይዛ ስለምትቆዝም ያወጣችላት ነው። ያን ዕለት ግን በግራ እጇ ነበር የጠራቻት። ቀኟ ከካሜራው ውጭ ነው።

«ቀኝሽን አሳዪኝ» አለቻት በምልክት።

«ደህና ነኝ።»

«አሳዪኝ።»

ረድኤት እጇን አወጣች። ሁለት ጣቶቿ በፋሻ ተጠቅልለዋል። ረቡዕ የስፌት መኪናው መርፌ ወግቷት ነበር። ሐኪም አይቶላታል፤ እየዳነ ነው። ግን ሁለት ጣት በጎደለው እጅ ስታወራ፣ የሚንተባተብ ሰው ትመስላለች። አጭር አጭር የምትጽፈውም ስለሚያማት ነበር።

«ለምን አልነገርሽኝም?»

«አትተኚማ ብዬ።»

አስካለ ብዙ ነገር ልትል እጆቿን አነሣች፤ ከዚያ አወረደቻቸው። ልጇን አየቻት። ፋሻውን አየች፣ ከዓይኗ በታች ያለውን ጥቁረት አየች። የፈራችው ነገር ግማሹ እውነት ነበር። ግማሹ ብቻ። ልጇ ግን እዚያ ናት፤ በሕይወት አለች፤ በተበላሸ እጅ እያወራቻት ነው።

አሁን አንድ ነገር ልጠይቃችሁ። አስካለ ያን ከሰዓት ሙሉ ልጇን እንዳታይ ያደረጋት ምን ነበር? የልጇን ፎቶ መፈተሽ። ቁስለኛዋ ልጅ እናቷን ስትጠብቅ፣ እናቷ በጋዋኗ ያለችውን ልጅ ታይ ነበር።

እናንተስ? ከጎረቤታችሁ ጋር ታረቃችሁ። ሽማግሌ ተቀመጠ፣ ይቅር ተባባላችሁ፣ ተሳሳማችሁ። ገብቷል፤ ይቅርታው እውነት ነው። በማግስቱ ግን አጥሩ ሥር ስታልፉ ጎረቤታችሁ ያኔ የተናገረቻችሁን ያችን ክፉ ቃል መልሳችሁ አሰባችኋት። «አሁንም ያመኛል?» ብላችሁ ነካ አደረጋችኋት። አንዴ ብቻ። እስከ ማታ ድረስ ይቅርታው የት ደረሰ?

መጠጥ የተወው ወንድሜስ? ከግሮሰሪው በር ላይ የቆምከው ልትጠጣ አልነበረም። ነጻ መውጣትህን ልታይ ነበር።

እናንተ እናቶችስ? ልጃችሁን ለእግዚአብሔር ሰጣችሁ። ተንበርክካችሁ፣ አልቅሳችሁ ሰጣችሁ። ከአሜን በኋላ ግን ከጉልበታችሁ ሳትነሡ ያን የድሮ ስጋት ቀሰቀሳችሁት፤ «ቢሆንስ?» አላችሁ። እሱም ተነሣ። ተነሥቶም ቤቱን ፈተሸ፤ ጸሎታችሁን አገኘ፤ ይህ የኔ አይደለም ብሎ አወጣው። ከዚያ እናንተ ምን ትላላችሁ? «ጸሎቴ አልተሰማም» ትላላችሁ። ተሰምቶ ነበር እኮ። ገብቶ ነበር።

ስንት ጊዜ «ኬብሉ ነው» አላችሁ? ሰባኪው ነው፣ ጾሙ አነሰ፣ እኔ ኃጢአቴ ብዙ ነው ብላችሁ ስንት ጊዜ እንደገና ከመጀመሪያው ጀመራችሁ? የተሰጣችሁ ነገር ጉድለት የለበትም። ባትሪው ተነቅሎ ስልኩ በጨለመበት በዚያች ጥቂት ጊዜ ውስጥ ነው ነገሩ። የድሮው ጠፍቷል፣ አዲሱ ገና አልታየም። እዚያ ላይ መቆየት ከባድ ነው፤ የሚያውቁት ሰዎች ያውቁታል።

ፍርሃታችሁ ዛሬ ይጠፋል አልላችሁም። የአስካለም አልጠፋም፤ እሑድ ጠዋት «ፋሻው ተቀየረ?» ብላ መልሳ ደውላለች። ክፉ ነገር አይመጣም ብዬም አላታልላችሁም። መርፌ ይወጋል። የሚወዷቸው ሰዎች ደህና ነኝ ብለው ይዋሻሉ። ግን የሚጠብቃችሁ ሰው አለ፤ ፊታችሁን ማየት የሚፈልግ፣ በጎደለ እጅ ሊያወራችሁ የሚጠብቅ። እናንተ የድሮውን ስትፈትሹ እሱ እየጠበቀ ነው።

ደክሟችኋል። ከፊታችሁ ይታያል። ስለዚህ በርቱ፣ ጠንክሩ ብዬ አልጨምርባችሁም። ዛሬ ቤታችሁ ስትገቡ ልባችሁ እስኪረጋጋ አትጠብቁ፤ ምናልባት ላይረጋጋ ይችላል። የተጣላችሁትን ሰው ደውሉለት። ለልጃችሁ ማለት የሚገባችሁን በሉት። እየፈራችሁም ቢሆን ግቡ።